ያላየሁት ድንጋይ

ሳሎኑ ውስጥ አምስት ሰዎች ነበርን፤ አምስታችንም ቆመናል። የልጅቷ አባት ቴሌቪዥኑ አጠገብ እጃቸውን ወደ ኋላ አጣምረው ቆመዋል። ታናሽ እኅታቸው፣ የልጅቷ አክስት፣ ወጥ ቤቱ በር ላይ ናት፤ አንድ ጆሮዋ እኛ ጋ፣ አንዱ ምድጃው ጋ። ከእኛ ወገን ሦስት ነን። የሽማግሌዎቹ አለቃ፣ አዲስ አበባ የባንክ ሠራተኛ የነበሩ ጡረተኛ፣ ሶፋው ፊት ለፊት ከዘራቸውን ተደግፈው ቆመዋል። አውሮፕላን ማረፊያ ፓርኪንግ የሚሠራው ጎልማሳ ሾፌራችን በስተቀኛቸው ነው። እኔ በሩ ሥር፣ ጫማ የሚወለቅበት ምንጣፍ ላይ ነበርኩ። ልጅቷ ፎቅ ላይ ናት። አልታየችም፤ ግን ወለሉ በየጊዜው ሲጮህ እንሰማ ነበር።

ዋሽንግተን አጠገብ ካለችው ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ፣ ወንዙን ተሻግረን አሌክሳንድሪያ፣ ቨርጂኒያ ድረስ የመጣነው ለሽምግልና ነው። ልጅቷን የሚፈልገው ወጣት ያደገው እኔ ካለሁበት አፓርትመንት በላይ ባለው ፎቅ ነው። እናቱ ሁለት ሥራ በምትሠራበት ዘመን ከትምህርት ቤት ሲመለስ እኔ ዘንድ ይቆይ ስለነበር እስከ ዛሬ "እማማ" ይለኛል። አሁን ሠላሳ ዓመት ሊሞላው ነው። ሄርንደን ከተማ ውስጥ ኮምፒውተር ላይ የሚሠራ ሥራ አለው። ምን እንደሚሠራ ሁለት ጊዜ አስረድቶኛል፤ ሁለቱንም ጊዜ ገባኝ ብዬዋለሁ።

ሽማግሌ ሲላክ ይህ ሦስተኛው ነው። በመጀመሪያው አባትየው "ዘመድ ላማክር" አሉ። ይህ የተለመደ ስለሆነ ማንም አልከፋውም። በሁለተኛው "ልጄን ወንዝ አሻግሬ አልሰጥም" አሉ። እየሳቁ ነው ያሉት፤ ቃላቸውን ግን አልሰጡም። ሚስታቸው ካረፉ ወዲህ እዚያ ቤት የቀሩት አባትና ልጅ ብቻ ናቸው። ወጣቱ ደግሞ ሲልቨር ስፕሪንግ፣ እናቱ አጠገብ፣ ቤት ተከራይቷል። በካርታ ላይ ቅርብ ነው። በሥራ መውጫ ሰዓት ቤልትዌይ የሚሉት የቀለበት መንገድ ላይ ለገባ ሰው ግን ሌላ አገር ነው።

ከሁለተኛው ጉዞ በኋላ አክስቲቱ ለሾፌራችን ደወለችለት። "ጋሼ አሁንም እምቢ ካሉ ልጆቹ ኮርት ሀውስ፣ ፍርድ ቤት ሄደው ጋብቻ ሊፈራረሙ ነው። እሳቸው አያውቁም። ከሰሙ ግን ያቺን ልጅ ዳግመኛ በዓይናቸው አያዩዋትም፤ የወንድሜን ልብ አውቀዋለሁ" አለችው። ስለዚህ ሠርጉ እንደማይቀር እናውቅ ነበር። የፈራነው አባትና ልጅ እንዳይለያዩ ነው።

በሽምግልና ደንብ ቃል ሳያገኙ አይቀመጡም። የልጅ አባት "ተቀመጡ" ይላል፤ ሽማግሌ "ጉዳያችን ሳይፈጸም አንቀመጥም" ይላል። አባት ቃሉን ሰጥቶ "በሉ እንግዲህ ተቀመጡ" ካለ ግን አለቀ። ይህን ደንብ ያወጡ ሰዎች ጉልበታቸው ደኅና እንደነበረ እገምታለሁ።

እኔ ከዚያ መሀል እንዴት እንደገባሁ ልናገር። ሦስተኛው ሽማግሌ ስፕሪንግፊልድ የሚኖሩ ሰው ነበሩ፤ ወገባቸውን አመማቸው። ቀኑ የሥራ ቀን ነው፤ ሌላ ወንድ ጠፋ። አለቃችን ደወሉልኝ።

"ሰውዬው ታሪክ ይወዳሉ አሉ። አንቺ ደግሞ የዚህን ከተማ ታሪክ ታውቂያለሽ። አንድ ሁለት ጥሩ ነገር ጣል ስታደርጊላቸው ልባቸው ይለሰልሳል" አሉኝ።

"ሴት ሽማግሌ ትላካለች እንዴ?"

"አሜሪካ ነው ያለነው፤ ትላካለች።"

እምቢ ማለት ነበረብኝ። ነገር ግን አሥራ ሁለተኛ ክፍልን ከጨረስኩ ወዲህ "ታውቂያለሽ" ብሎኝ የሚያውቅ ሰው አልነበረም።

የማውቀውን ያወቅሁት በስሕተት ነው። ሲኒየር ሴንተር፣ የአረጋውያን ማዕከል፣ የሄድኩት እንግሊዝኛ ልማር ነበር። የእንግሊዝኛው ክፍል ሞልቶ ስለጠበቀኝ ከጎኑ ወዳለው ገባሁ፤ ክፍሉ ይሞቅ ነበር፣ ብስኩትም ነበረው። አንዲት ጡረታ የወጡ አሜሪካዊት መምህርት የዋሽንግተንን ታሪክ ያስተምሩ ነበር። ስለ ራሴ ብዙ የማወራ ሰው አይደለሁም። ከዚያ ክፍል በኋላ ግን ስለ ከተማዋ ማውራት ጀመርኩ፤ ማቆም ደግሞ አቃተኝ።

ለምሳሌ መሀል ከተማ ያለው ረጅሙ ነጭ ሐውልት ሁለት ዓይነት ቀለም እንዳለው ብዙ ሰው አያስተውልም። ሥራው ተጀምሮ ገንዘብ አለቀና ለብዙ ዓመታት ቆመ። እንደገና ሲጀመር ድንጋዩ ከሌላ ቦታ መጣ። ከታች አንድ ሦስተኛው ላይ ቀለሙ ይለወጣል። እኔ በየዓመቱ ርችት ለማየት ሥሩ ቁጭ ስል ያንን የደመና ጥላ ይመስለኝ ነበር። ደመና በሌለበት ዓመትም ጥላ ነው ብያለሁ።

በጸደይ ሰው ሁሉ ፎቶ የሚነሳባቸው የቼሪ ዛፎችም አሉ። ጃፓኖች መጀመሪያ የላኳቸው ዛፎች ተባይ ስለተገኘባቸው በእሳት ተቃጠሉ። ስጦታው ተቃጥሎባቸው ሳይቀየሙ ሌሎች ላኩ። ይህን በሰማሁ ጊዜ የላክሁት ዳቦ ሳይበላ ቀረ ብዬ ያኮረፍኳት አንዲት ዘመዴ ትዝ አለችኝ። ደወልኩላት፤ ስለ ዳቦው ሳይሆን ስለ ዛፎቹ ነገርኳት።

ከሁሉ ያሳፈረኝ የሙዚቃው ነገር ነው። ጎረቤቴ ከበሮው በዘፈንና በዘፈን መሀል የማያቋርጥ ሙዚቃ ይከፍታል። አንዱ ዘፈን ሲያልቅ "ተመስገን" ልል ስል ከበሮው ይቀጥላል። ለአፓርትመንቱ ቢሮ ደጋግሜ አመለከትሁ። በኋላ መምህርቷ ያንኑ ሙዚቃ ክፍል ውስጥ አሰሙን። ጎጎ ይባላል፤ እዚችው ከተማ የተወለደ ነው፤ ከተማዋም የራሷ ሙዚቃ ብላ በሕግ ተቀብላዋለች። ለካ ስከስ የኖርኩት የአገሩን መዝሙር ኖሯል።

አንድ ጊዜ ደግሞ ለቅሶ ቤት አጠገቤ ለተቀመጠች ሴት አርሊንግተን ያለው የወታደሮች መቃብር ቀድሞ በእርስ በርሱ ጦርነት የተሸነፈው ጦር አዛዥ ቤተሰብ እርሻ እንደነበረ ነገርኳት። ሟቹ አጎቷ ነበሩ። ብድግ ብላ ሌላ ወንበር ፈለገች። ከዚያ በኋላ እንኳ አልተማርኩም።

ወደ ሳሎኑ ልመለስ።

አለቃችን ጉሮሯቸውን ጠርገው ጀመሩ። "ጤና ይስጥልን። እነሆ ለሦስተኛ ጊዜ ደጅዎን ረገጥን። ልጅዎን ለልጃችን እንዲሰጡን በእግዚአብሔር ስም እንለምናለን።"

"ቤቱን ለመዳችሁት" አሉ አባትየው። "ዛሬ ደግሞ እመቤት ጨምራችኋል።"

ሾፌራችን ቸኮለ። "እትዬ ታሪክ አዋቂ ናቸው።"

"የምን ታሪክ?"

"የዚህ የከተማው፣ የአካባቢው።"

አባትየው ወደ እኔ ዞሩ። "እንግዲያው ይፍረዱኝ። እናንተ ሜሪላንድ፣ እኛ ቨርጂኒያ። በመሀል ይህን የሚያህል ወንዝ አለ። ሰው ልጁን ለጎረቤት ይሰጣል እንጂ ወንዝ አሻግሮ ይሰጣል?"

አለቃችን በዓይናቸው "በይ" አሉኝ። እኔም አልኩ።

"ከጎረቤትም በላይ ነን። ዋሽንግተን ስትቆረቆር ከፊሉን መሬት ሜሪላንድ፣ ከፊሉን ቨርጂኒያ ሰጡ። አሌክሳንድሪያ ያኔ እዚያ ውስጥ ነበረች። ከወንዙ ወዲህና ወዲያ አንድ ቤት ነበር።"

"እንዴ! ይህን ሁሉ ዓመት ስኖር አልሰማሁም" አሉ፤ የተጣመረው እጃቸው ተፈታ። "ቨርጂኒያ ሰጠቻት ነው የሚሉኝ?"

"ሰጠቻት።"

"ልክ እንደ ሙሽራ" አለ ሾፌራችን። እስከ ዛሬ ጥፋቱ የእሱ ነው እላለሁ።

"እሺ፣ ከዚያስ?" አሉ አባትየው።

ማንም ልብ ያለው ሰው እዚህ ላይ "ከዚያማ በሰላም ኖሩ" ብሎ ይዘጋዋል። እኔ ግን ክፍል ውስጥ እጄን አውጥቼ የማላውቅ ተማሪ ነበርኩ፤ አሁን መምህሩ ጠየቀኝ። መልሱንም አውቀዋለሁ።

"ከዚያማ ተመለሰች" አልኩ።

"ወዴት?"

"ወደ ቨርጂኒያ።"

ፎቅ ላይ ወለሉ አንድ ጊዜ ጮኸ። አክስቲቱ በእጇ የያዘችውን ጨርቅ ትከሻዋ ላይ ጣለች።

"ወደ አባቷ ቤት ማለት ነው" አሉ አባትየው ቀስ ብለው። "ለምን ተመለሰች?"

"ችላ አሏት። የመንግሥት ሕንፃ ሁሉ በወዲያኛው ማዶ እንዲሠራ በሕግ ተወሰነ። ለእሷ የተሠራላት ነገር የለም።"

"እትዬ፣ ሻይ ላምጣ?" አለች አክስቲቱ።

"ቆመን?" አለ ሾፌራችን።

"በዚያ ላይ" አልኩ፤ ማን እንዳስቀጠለኝ አላውቅም፤ "እዚህ ከተማ በባርነት የተያዙ ሰዎች ይሸጡ ነበር። ዋሽንግተን ይህን ንግድ ሳትከለክልብን እንውጣ ያሉ ነጋዴዎችም ነበሩ።"

አለቃችን ጠጋ ብለው ከዘራቸውን እግሬ ላይ አሳረፉ። ጆሯቸው ስለደከመ ሹክ ሲሉ እንኳ መንገድ ድረስ ይሰማል። "አንቺ ሴት፣ በቃሽ! ልጅ ልንጠይቅ መጥተን ፍቺና የሰው ሽያጭ ታወሪያለሽ?" ብለው ሹክ አሉኝ።

የቆምኩበት ምንጣፍ ላይ የተደረደሩትን ጫማዎች አየሁ። የልጅቷ ይመስለኛል፣ ነጭ ስኒከር ነበር፤ ማሰሪያው ተፈቷል። የዚያች ልጅ ሠርግ በእኔ ምላስ ኮርት ሀውስ ገባ ብዬ አሰብኩ። ከዚያ ወዲያ ማሰብ አልፈለግሁም።

አባትየው ግን አልተቆጡም። "ስንት ዓመት ቆየች?" አሉኝ።

"ሃምሳ ዓመት ገደማ።"

"ሃምሳ ዓመት ደኅና ትዳር ነው" አሉ። ማንም አልሳቀም፤ እሳቸውም አልሳቁም። "ስትመለስስ? ቨርጂኒያ ተቀበለቻት?"

"ተቀበለቻት።"

ወደ ደረጃው አዩ። ከዚያ "ለመሆኑ ምልክት አለው? ወሬ ብቻ እንዳይሆን" አሉ።

"ድንጋይ አለ። የከተማዋ ወሰን ሲለካ በየአንዳንዱ ማይል ድንጋይ ተተክሏል። የመጀመሪያው እዚሁ አሌክሳንድሪያ ነው፤ ወንዙ ዳር፣ የመርከብ መብራት ያለበት ነጭ ቤት ጋ።"

"ከትልቁ ድልድይ ሥር? እዚያማ በየማለዳው በእግሬ የምሄድበት ነው። ምንም ድንጋይ አላየሁም። እርስዎ አይተውታል?"

ይህን አልጠበቅሁም። ስንቱን ሰው በዚያ ድንጋይ አሰልችቼ እኔ ራሴ አንድ ቀን ሄጄ አላየሁትም።

"አላየሁትም" አልኩ።

"ማን ነገረዎ?"

"አስተማሪዋ።"

አባትየው ጃኬታቸውን ከመስቀያው አወረዱ። "በሉ፣ ከቆማችሁ አይቀር እንሂድና እንየው።"

በር ላይ ሌላ ችግር ተነሳ። አለቃችን መኪናው አጠገብ ቆመው አልገባም አሉ። "ቃል ሳናገኝ መቀመጥ ክልክል ነው" አሉ።

"ጋሼ፣ የመኪና ወንበር እኮ ነው። ስንመጣስ ተቀምጠን አይደል የመጣነው?" አለ ሾፌራችን።

"ስንመጣ ሽማግሌ አልነበርንም፤ መንገደኛ ነበርን። አሁን ግን ጉዳዩ ተከፍቷል።"

"የመኪና ወንበር አይቆጠርም፤ ፈቅጃለሁ" አሉ አባትየው። አለቃችን ተቃራኒው ወገን የፈቀደው ፈቃድ ይጸና እንደሆነ ትንሽ አሰቡና ገቡ። አክስቲቱ በራሷ መኪና ተከተለችን።

ድልድዩ ከላይ ያጉረመርማል። ሥሩ ሁለት ሰዎች ዓሣ ያጠምዳሉ። መብራት ያለበት ቤት ትንሽ ነው፤ ጣሪያው ላይ ፋኖስ የተቀመጠበት የእንጨት ቤት። እኔ ከፊት ከፊት ሄድኩ፤ የማውቅ መስዬ። አንድ የአጥር መሠረት አሳየኋቸው። እሱ አልነበረም። ቀጥሎ የቆሻሻ መጣያ የቆመበትን ሲሚንቶ አሳየኋቸው። "ዋሽንግተን ከዚህ ጀመረች?" አሉ አለቃችን። በመጨረሻ ድንጋዩን ያገኙት አባትየው ናቸው። ወንዙን ከሚከለክለው ግንብ ሥር፣ በተከለለ ጉድጓድ ውስጥ ነው።

በጉልበቴ ተንበርክኬ አየሁት። ለብዙ ዓመታት በሐሳቤ ሳሳድገው ስለኖርኩ ትልቅ ነገር ጠብቄ ነበር። የተበላ፣ ሻካራ፣ ጽሑፉ የጠፋ ድንጋይ ነው። መንገድ ላይ ባየው እግሬን እንዳይመታኝ አልፈው ነበር። ልነሳ ስል ጉልበቴ እምቢ አለ። አባትየው በአንድ ክንዴ፣ ሾፌራችን በሌላው ይዘው አነሱኝ። ሽማግሌ የሚለምነውን ሰው ተደግፎ ሲነሳ ያኔ ለመጀመሪያ ጊዜ አየሁ።

"ይኸው ነው?" አሉ አባትየው፣ ክንዴን ሳይለቁ።

"ይኸው ነው።"

"ወሰኑ ከዚህ ቀጥሎ ወዴት ይሄዳል?"

ያኔ ትዝ አለኝ። "አራት ማዕዘን ነው፤ በአንድ ጫፉ እንደቆመ። የደቡቡ ጫፍ ይህ ነው። የሰሜኑ ጫፍ ከዚህ ቀጥ ብሎ ሄዶ ሲልቨር ስፕሪንግ ነው።"

"የእናንተው?"

"የእኛው። እኔ ከምኖርበት አፓርትመንት ሩቅ አይደለም።"

"ስለዚህ እኔ ደጅ ተጀምሮ እናንተ ደጅ ነው የሚያልቀው?"

"አዎ።"

"ታዲያ ይህን ሳሎን ውስጥ ለምን አልተናገሩም?"

"ፍቺው ቀደመኝ" አልኩ።

ይህን ጊዜ ሳቁ። አክስቲቱም ሳቀች፤ ሾፌራችን ፊቱን ወደ ወንዙ አዙሮ ትከሻው ተንቀጠቀጠ። አለቃችን ምን እንደተባለ ስላልሰሙ ሁላችንንም እያፈራረቁ አዩን።

አባትየው ሳቃቸውን ቀድመው ጨረሱ። ወንዙ ማዶ ሜሪላንድ ይታያል። እሱን እያዩ ቆሙ።

"እቤት ውስጥ ሁለት ነን" አሉ። "ከእሷ በኋላ እኔ ብቻ ነኝ።"

አለቃችን ምሳሌ ፈልገው አፋቸውን ከፈቱ፤ አጡት መሰለኝ መልሰው ዘጉት።

"ከከፋት ትመለሳለች ማለት ነው" አሉ አባትየው። "ቨርጂኒያ ተቀብላለች ብለዋል።"

"አይከፋትም" አልኩ። "ልጁን አውቀዋለሁ። እኔ ቤት ነው ያደገው። እሑድ እሑድ እሱ ራሱ ይዟት ይመጣል።"

ይህን ከየትኛውም ክፍል አልሰማሁትም። በዚያ ቀን ከተናገርኩት ሁሉ በዓይኔ ያየሁት ነገር እሱ ብቻ ነበር።

ዓሣ ከሚያጠምዱት አንዱ የመንጠቆውን ገመድ ስቦ ባዶውን አወጣው። አባትየው መልሶ እስኪወረውረው ጠበቁ።

"እንግዲህ ልጄን ሰጥቻችኋለሁ" አሉ። "እግዚአብሔር ይባርካቸው። በሉ ተቀመጡ።"

ከአንድ ዛፍ ሥር ረጅም የእንጨት ወንበር ነበር። አለቃችን "አሜን" ብለው ሳይጨርሱ ተቀመጡ፤ ከዘራቸውን ጭናቸው ላይ አጋደሙ። ሾፌራችን ከጎናቸው ተቀመጠ። አክስቲቱ ስልኳን አውጥታ ራቅ አለች፤ ፎቅ ላይ ላለችው እንደሆነ አውቀናል። እኔም ቀሚሴን ሰብስቤ ልቀመጥ ወደ ወንበሩ ሄድኩ።

"እርስዎ ይቆዩ" አሉ አባትየው።

ቆየሁ።

"የሰሜኑን ድንጋይ አይተውታል?"

"አላየሁትም።"

"ደጅዎ ላይ ሆኖ?"

"ደጄ ላይ ሆኖ።"

"እንግዲያው ሄደው በዓይንዎ አይተው ይደውሉልኝ። የሠርጉን ቀን የምንቆርጠው ያኔ ነው። በወሬ ወሬ ድግስ አልደግስም። እስከዚያ ወንበር የለዎትም።"

"ልክ ብለዋል፤ ሂጂ" አሉ አለቃችን፣ እግራቸውን ዘርግተው።

"ላድርስዎት እትዬ?" አለ ሾፌራችን፣ ሳይነሳ።

"ተቀመጥ" አልኩት።

አክስቲቱ እስከ ሜትሮ ባቡር ጣቢያ ልታደርሰኝ የመኪናዋን ቁልፍ አወጣች። ቀሚሴ ጉልበቱ ላይ የያዘውን ጭቃ አራገፍኩ፣ ቦርሳዬን ከሣሩ ላይ አነሳሁና ሄድኩ።